የገዛው ሌላ፣ የበላው ሌላ፦ የቸኮሌቱ 11 ኪሎ ከየት መጣ?

ጥያቄው፦ «ዙሪክ ውስጥ ትንሽ የሐበሻ ሸቀጥ መደብር አለኝ። ዋናው በርበሬ፣ ሽሮ፣ ጤፍና ቡና ነው። አሁን ቸኮሌት ልጨምር አስቤ አርባ ደንበኞቼን በወረቀት ጠየቅኩ፤ ‹በሳምንት ምን ያህል ቸኮሌት ይበላሉ?› እና ‹ለምን ይገዛሉ?› የሚሉ ሁለት ጥያቄዎች ናቸው። ተደምሮ ሲካፈል በሳምንት ግማሽ ባር፣ ማለትም 50 ግራም ወጣ፤ በዓመት 2.6 ኪሎ መሆኑ ነው። የስዊዘርላንድ ሰው ግን በዓመት 11 ኪሎ ይበላል ይባላል። ደንበኞቼ ዋሹኝ ወይስ እኛ ሐበሾች ቸኮሌት አንወድም? ምክንያቱን ደግሞ ሁሉም ማለት ይቻላል ‹ስለሚጣፍጥ› ብለው ነው የጻፉት። በዚህ ተነስቼ ምን ልዘዝ?»

ምላሽ፦

ደንበኞችዎ አልዋሹም፤ 11 ኪሎውም የፈጠራ ቁጥር አይደለም። አንዱ የተሸጠውን ይቆጥራል፣ ሌላው ሰው በልቻለሁ ብሎ የሚያስታውሰውን። በሁለቱ መሃል ብዙ ቸኮሌት ይሰወራል፤ ለእርስዎ መደብር የሚጠቅመው ወሬ ያለው ደግሞ እዚያ በተሰወረው ውስጥ ነው።

መጀመሪያ 11 ኪሎውን እንፍታው። ቁጥሩን በየዓመቱ የሚያወጣው ቾኮስዊስ የሚባለው የስዊዘርላንድ ቸኮሌት አምራቾች ማኅበር ነው። ፋብሪካዎቹ አገር ውስጥ በሸጡት ላይ ከውጭ የገባው ይደመርና ለሕዝቡ ቁጥር ይካፈላል። ሕዝቡ ወደ 9 ሚሊዮን ነው፣ ቸኮሌቱ ወደ 100 ሺህ ቶን፤ ለአንድ ሰው 11 ኪሎ ገደማ ይደርሳል። በቀን ሲሰላ 30 ግራም ነው፣ የመቶ ግራም ባር ሲሶ መሆኑ ነው። የትናንት አራስም የዘጠና ዓመት አዛውንትም እኩል ድርሻ ተሰጥቷቸዋል። ቤት ለቤት ዞሮ ማን ስንት ግራም እንደዋጠ የመዘነ ሰው የለም።

ስለዚህ ባንሆፍሽትራሰ በሚባለው የዙሪክ ገበያ ጎዳና ላይ አራት ሳጥን ፕራሊን (ውስጡ የተሞላ ትንንሽ ቸኮሌት) ገዝቶ ቶኪዮ የሚመለሰው ቱሪስት፣ በሒሳቡ የስዊዘርላንድ ሰው ሆድ ውስጥ ገብቷል። ለገና አገር ቤት የሚሄደው ደንበኛዎ ሻንጣው ውስጥ የሚጠቀጥቀውም እንደዚያው፤ የሚበላው አዲስ አበባ፣ አያት ሰፈር ወይም ቄራ ነው፣ የሚቆጠረው ዙሪክ። ኩባንያዎች በዓመቱ መጨረሻ ለደንበኛ የሚልኩት ሳጥን፣ መሳቢያ ውስጥ ተረስቶ የሚጣለው፣ ሁሉም እዚያው አለ። በተቃራኒው ደግሞ ቅዳሜ ቅዳሜ ድንበር ተሻግሮ ጀርመን፣ ኮንስታንዝ የሚገበየው ሰው ከዚያ ያመጣው ባር ከስሌቱ ውጭ ነው። በአገሮች መካከል የሚወጡትን የደረጃ ሰንጠረዦች ግን ብዙም አይመኑ። አንዱ አገር በቸኮሌት የተለበጠ ብስኩትና ዳቦ ላይ የሚቀባውን ይጨምራል፣ ሌላው ይተዋል፤ የማይነጻጸረው ጎን ለጎን ይሰለፍና «እገሌ አንደኛ» ይባላል።

አሁን ወደ እርስዎ 2.6 ኪሎ። እዚህ ላይ ያጎደሉት ብዙ ነገሮች ናቸው።

ትልቁ ችግር መለኪያው ነው። «አንድ ቸኮሌት» ብሎ የጻፈልዎ ሰው ምን ማለቱ እንደሆነ አይታወቅም። በወርቅማ ወረቀት የተጠቀለለው የፋሲካ ቸኮሌት ጥንቸል የተለመደው መጠኑ 100 ግራም ነው፤ አንድ ስኒከርስ 50 ግራም፤ ክቧ ሊንዶር 12 ግራም ገደማ። ሦስቱም «አንድ» ናቸው። እርስዎ ሁሉንም የመቶ ግራም ባር አድርገው ደምረው ከሆነ ወይም በተቃራኒው ከቀነሱ፣ ስህተቱ በስምንት እጥፍ ሊሄድ ይችላል። በዚያ ላይ ከቢሮ ሳህን ላይ ብድግ የተደረገች ፍሬ፣ ከልጅ የተረፈ ቁራጭ፣ ከማኪያቶ ጋር በትንሽ ወረቀት ተጠቅልላ የምትመጣዋ፣ ገንዘብ ስላልወጣባቸው አይታወሱም። ሰው የሚያስታውሰው የከፈለበትን ነው።

ሁለተኛው ይሉኝታ ነው። መጠይቁን የሰጡት ገንዘብ መቀበያው አጠገብ ቆመው፣ ከኋላ ሰልፍ እያለ ከሆነ፣ ባሏ ወይም ልጇ አጠገቧ የቆመች ሴት «በሳምንት ሦስት» ብላ አትጽፍም። ስም የማይጻፍበት ወረቀት፣ እስክሪብቶ እና ክዳን ያለው ካርቶን መውጫው አጠገብ ያስቀምጡ፤ ይህች ብቻዋን መልሱን ትቀይረዋለች።

ሦስተኛው አማካዩ ራሱ ነው። አሥር ሰው ያስቡ። አምስቱ በወር አንድ ባር ይበላሉ፣ ለእያንዳንዳቸው በዓመት 1.2 ኪሎ። ሦስቱ በሳምንት አንድ፣ 5.2 ኪሎ። ሁለቱ ደግሞ በየሁለት ቀኑ አንድ ባር ይጨርሳሉ፣ ከ18 ኪሎ በላይ። ድምሩ 58 ኪሎ፣ አማካዩ 5.8 ነው። ከአሥሩ ግን አንድም ሰው 5.8 ኪሎ አይበላም፤ ከጠቅላላው ከስድሳ በመቶ በላዩን የበሉት ሁለት ሰዎች ናቸው። እነዚያ ሁለቱ ከአርባዎቹ ወረቀቶችዎ ውስጥ ካመለጡ ቁጥሩ ይወድቃል፤ አንድ ሰው ብቻ ቢጨመር ደግሞ ይዘላል። እነዚህን ቸኮሌት ወዳዶች መፈለግ አለብዎት፤ አማካዩን ለጊዜው ይተዉት።

አራተኛው ወቅቱ ነው፤ እዚህ ላይ ትንሽ መቆየት ያስፈልጋል፣ ምክንያቱም የእርስዎ ደንበኛ የዓመት ዑደት ከትልልቆቹ የስዊዘርላንድ ሱፐርማርኬቶች፣ ከሚግሮ ወይም ከኮፕ፣ ደንበኛ ጋር አንድ አይደለም። ቸኮሌት በገናና በፋሲካ ሰሞን ይሸጣል፣ በሐምሌ ሙቀት ይተኛል፤ የአንድ ሳምንት መልስ በ52 ሲባዛ የተሳሳተ ዓመት ይወጣል። የእኛ ሰው ላይ ደግሞ ጾሙ ይጨመራል። ረቡዕና ዓርብ፣ ነቢያት፣ ዐቢይ ጾም 55 ቀን፤ የወተት ቸኮሌት በነዚህ ሁሉ የፍስክ ነው። መጠይቁን በዐቢይ ጾም በትነው ከሆነ 50 ግራም ማግኘትዎ ራሱ ብዙ ነው።

የቀን አቆጣጠሩም ይጣላል። የፈረንጅ ፋሲካ በ2024 (በፈረንጆቹ አቆጣጠር) መጋቢት 22 ቀን ዋለ፣ የእኛው ሚያዝያ 27። በመሃሉ አምስት ሳምንት ሙሉ የዙሪክ ሱቆች የተረፋቸውን ጥንቸል በግማሽ ዋጋ ሲያወርዱ የእርስዎ ጿሚ ደንበኛ ገና ሽሮና ምስር ላይ ነበር። በ2025 ሁለቱ በአንድ ቀን ዋሉ። ስለዚህ «ባለፈው ዓመት ለፋሲካ ይህን ያህል ሸጥኩ» የሚለው ማስታወሻ ብቻውን አይረዳም፤ አጠገቡ ሁለቱ ፋሲካዎች በስንት ሳምንት እንደተራራቁ ይጻፍ።

ከዚህ ጋር አንድ መደርደሪያ የሚሞላ ነገር አለ፦ የጾም ቸኮሌት። ጥቁር ስለሆነ ብቻ ጾም ነው ማለት አይደለም። ማሸጊያውን ገልብጠው የይዘት ዝርዝሩን ያንብቡ። በጀርመንኛ «ሚልሽፑልፈር» ካለ የወተት ዱቄት ነው፤ ብዙ ሰው የሚያልፈው ግን «ቡተርራይንፌት» የሚለውን ነው፤ የላም ቅቤ ነው፣ ጥቁር ቸኮሌት ውስጥም እንዲለሰልስ ተብሎ ይጨመራል። «ካካዎቡተር» የሚለው ግን ስሙ ቅቤ ይሁን እንጂ ከኮኮዋው ፍሬ የሚጨመቅ ስብ ነው፤ ከወተት ጋር አይገናኝም። ከዝርዝሩ በታች «የወተት ርዝራዥ ሊኖርበት ይችላል» የሚለው ደግሞ አለርጂ ላለበት ሰው የተጻፈ ማስጠንቀቂያ ነው፤ በአንድ ማሽን ሁለቱም ስለሚመረቱ ይጻፋል። ወተት እንደ ግብዓት ገብቷል ማለት አይደለም፤ እሱን ለጾም መቀበል አለመቀበሉን ለደንበኛው ይተዉለት። ያረጋገጡትን ለይተው «የጾም» የሚል ካርድ በአማርኛ ቢሰኩበት፣ ትልልቆቹ መደብሮች የማይሰጡትን አገልግሎት ሰጡ ማለት ነው።

ወደ «ለምን ይገዛሉ?» እንምጣ። «ስለሚጣፍጥ» የሚለው መልስ እውነት ነው፣ ግን ለምን እንደሚበላ እንጂ ለምን እንደተገዛ አይነግርዎትም። ሽሮም ይጣፍጣል። ሰው ለምን ብለው ሲጠይቁት የሚያምርበትን ምክንያት ይሰጣል፤ የተማረ ከሆነ «ጥቁሩ ለጤና ጥሩ ስለሆነ» ይላል። እንዲህ ያለውን ሰው ባለፈው የገዛው ስንት በመቶ እንደነበር ይጠይቁት። በአውሮፓ ኅብረት ሕግ ቸኮሌት ለመባል ከኮኮዋ የመጣው ሁሉ ተደምሮ 35 በመቶ ከሆነ ይበቃል፣ የወተቱ ደግሞ 25። 70 በመቶ የተጻፈበት ባር ውስጥ እንኳ ቀሪው በአብዛኛው ስኳር ነው፣ በመቶ ግራም ወደ 30 ግራም። መቶኛውን የማያውቅ ሰው ለጤና አልገዛም፤ በሌላ ምክንያት ገዝቶ በጤና አስጌጠው።

ምክንያትን ለማግኘት ምክንያትን አይጠይቁ። የመጨረሻውን ግዢ ይጠይቁ። አዲሱ ወረቀትዎ ላይ አምስት ጥያቄ ይበቃል፦ ለመጨረሻ ጊዜ ቸኮሌት የገዙት መቼ ነው? የትኛውን፣ ስንት ግራም (ከታች በእውነተኛ መጠናቸው የተሳሉ አራት አምስት ማሸጊያዎች አትመው ምልክት ያስደርጉ)? ሱቁ የገቡት ለእሱ ብለው ነው ወይስ እዚያ ሲያዩት አነሱት? ለማን ነበር? አሁን የት ነው ያለው፣ ማን በላው? «ብዙውን ጊዜ» የሚል ቃል አያስገቡ፤ ሰው ብዙውን ጊዜ ምን እንደሚያደርግ አያውቅም፣ ባለፈው ሐሙስ ያደረገውን ግን ያውቃል።

ወረቀቶቹ ሲመለሱ በአራተኛው ጥያቄ ይከፋፍሏቸው። የሚያገኟቸው ሰዎች ጠባያቸው የተለያየ ነው። ለራሱ የገዛው የሚያውቀውን ዓይነት ይደግማል፣ ዋጋውንም በቃሉ ይይዛል፤ ሃምሳ ሳንቲም ቢጨምሩ ያውቅብዎታል። ለልጅ የሚገዛው ትንሽ መጠን፣ ተነጣጥሎ የሚካፈል ይፈልጋል። ትልቁ ግን፣ በተለይ በእኛ ሰው ዘንድ፣ ቀምሶት የማያውቀውን ቸኮሌት የሚገዛው ነው። ባዶ እጅ አይኬድም፤ አራስ ጥየቃ፣ ቤት ምርቃት፣ የእራት ግብዣ አለ። ይህ ገዢ ሦስት ነገር ያያል፦ ሳጥኑ፣ ስሙ፣ ዋጋው። ከ10 እስከ 15 ፍራንክ ልስጥ ብሎ ወስኖ ይገባና ለዚያ ገንዘብ ትልቅ ሆኖ የሚታየውን ያነሳል። 300 ግራም የሚይዝ ጠባብ ሳጥን በ200 ግራም ሰፊ ሳጥን ይሸነፋል። በመብላት ቢለካ ይህ ሰው ዜሮ ነው፤ እርስዎ ግን ከሁሉም በላይ የሚሸጡለት እሱ ነው። የመጀመሪያው መጠይቅዎ ይህን ሰው ፈጽሞ ሊያየው አይችልም ነበር፣ ምክንያቱም የጠየቀው የበላውን ነው።

ይህ የእኛ ብቻ አይደለም። ጃፓን ውስጥ የካቲት መጀመሪያ፣ በፈረንጆቹ ፌብሩዋሪ 14፣ ሴቶች ለሥራ ባልደረቦቻቸው የሚሰጡት ቸኮሌት ጊሪ ቾኮ ይባላል። ጊሪ ማለት ግዴታ ነው፤ በአማርኛ «የይሉኝታ ቸኮሌት» ብንለው ያስኬዳል። በወሩ ማርች 14 ወንዶቹ ይመልሳሉ።

ሦስተኛው ጥያቄ፣ «አይተው ነው ያነሱት?» የሚለው፣ በወረቀት ሁልጊዜ አንሶ ይወጣል፤ ሳላስብ ገዛሁ ማለት የሚወድ ሰው የለም። እሱን በካሽ ሬጅስተሩ ይፈትኑት። ከ35 እስከ 50 ግራም ያሉ ትንንሽ ባሮችን ሁለት ሳምንት ገንዘብ መቀበያው አጠገብ ያስቀምጡ፤ ቀጣዩን ሁለት ሳምንት ከቡናው አጠገብ ወደ ውስጥ ይውሰዷቸው። ዋጋው አንድ ይሁን። የሚቆጥሩት ስንት ባር እንደተሸጠ ብቻ ሳይሆን ስንት ደረሰኝ እንደተቆረጠም ነው። ለምሳሌ በመጀመሪያው ዙር በ700 ደረሰኝ 28 ባር ቢሸጥ ከመቶ ገበያተኛ 4 ሆነ፤ በሁለተኛው በ600 ደረሰኝ 9 ቢሆን 1.5። ልዩነቱ፣ ከመቶ 2.5፣ ዓይን የገዛው ነው። እንግሊዝ ውስጥ ከኦክቶበር 2022 ጀምሮ መካከለኛና ትልልቅ መደብሮች ስኳርና ስብ የበዛባቸውን እንደ ቸኮሌት ያሉ ነገሮች መክፈያው አጠገብ፣ መግቢያው ላይና በመደርደሪያ ጫፍ እንዳያስቀምጡ የተከለከሉት ይህችው ቦታ ምን ያህል እንደምትሸጥ ስለሚታወቅ ነው።

ፈተናው የሚበላሸው በተለመዱ ምክንያቶች ነው። አንደኛው ዙር ውስጥ ደመወዝ የሚገባበት 25ኛው ቀን ወድቆ ሌላው ውስጥ ካልወደቀ፣ አንዱ ጾም ሌላው ፍስክ ከሆነ፣ ወይም ባሩ ቅዳሜ ጠዋት አልቆ እስከ ማክሰኞ ባዶ ከቆየ፣ ቁጥሩን ይጣሉት። አልቆ የቆየበትን ቀን ካልመዘገቡ «አይሸጥም» ብለው ይደመድማሉ፤ ይህ ከሁሉም በላይ የሚደጋገመው ስህተት ነው።

ወረቀቱ ላይ ስንት ግራም እንደነበር ይጠይቁ ያልኩት ለሌላም ምክንያት ነው። አብዛኛው የዓለም ኮኮዋ የሚመጣው ከኮት ዲቯርና ከጋና ነው። እዚያ የአየር ሁኔታውና የዛፉ በሽታ ምርቱን ሲመታው፣ ለዓመታት በቶን 2,500 ዶላር አካባቢ የነበረው ዋጋ በታኅሣሥ 2024 ኒው ዮርክ ላይ ከ12,000 አለፈ። ከዚያ ወዲህ ወርዷል፤ ፋብሪካዎች ግን ዋጋ ከመጨመር ይልቅ ግራም መቀነስን ከድሮም ያውቁበታል። በ2016 ብሪታንያ ውስጥ ቶብለሮን የሚባለው ባለ ተራራ ቅርጽ ቸኮሌት ከተራሮቹ መሃል ያለውን ክፍተት አስፍቶ 170 ግራሙን 150 አደረገው፤ በ2022 የካድበሪ 200 ግራም ባር 180 ሆነ። ደንበኛዎ «እንደ ድሮው በሳምንት አንድ» ሲልዎ አንዱ ራሱ ከስቶ ሊሆን ይችላል። የመደርደሪያ ካርድዎ ላይ የመቶ ግራሙን ዋጋ ከጻፉ እርስዎም አይሳሳቱም።

አንድ ነገር ደግሞ፣ ተገዝቶ ስለማይበላው። ቸኮሌቱ ላይ ነጭ ነገር ወጣበት ብሎ የሚመልስ ሰው ይመጣል። ሻጋታ አይደለም። የኮኮዋ ቅቤ የሚቀልጠው 34 ዲግሪ አካባቢ ነው፣ ከዚያ በፊትም ይለሰልሳል፤ መስኮት ላይ ፀሐይ ነክቶት ለስልሶ እንደገና ሲጠና ስቡ ወደ ላይ ይወጣና ግራጫ ይሆናል። ማቀዝቀዣ ውስጥ ቆይቶ ሲወጣ ላብ ካላበው ደግሞ ስኳሩ ይሟሟና ሲደርቅ ነጭ ሆኖ ይቀራል፣ ሲነኩት ይሻክራል። ሁለቱም ይበላሉ፣ ግን አይሸጡም። ከ15 እስከ 18 ዲግሪ፣ ከመስኮቱ የራቀ፣ ከበርበሬውና ከኮረሪማው ደግሞ ቢያንስ በተዘጋ ሳጥን የተለየ ቦታ ይስጡት፤ ስብ ሽታ ይስባል፣ በርበሬ በርበሬ የሚል ፕራሊን ስጦታ አይሆንም።

ለመጀመሪያው ትእዛዝ 11 ኪሎውንም 2.6ቱንም ይተዉዋቸው። በሳምንት 350 ደረሰኝ የሚቆርጡ ከሆነና ፈተናው ከመቶ 4 ካወጣ፣ በሳምንት 14 ትንሽ ባር ነው፤ ለሦስት ሳምንት 42፣ ካርቶኑ 24 የሚይዝ ከሆነ ሁለት ካርቶን። የስጦታ ሳጥን ከሁለት ዓይነት አይብለጥ፣ አንዱ 10 ፍራንክ፣ አንዱ 15 አካባቢ፣ ከእያንዳንዱ ስድስት። የተረጋገጠ የጾም ጥቁር ባር አንድ ካርቶን፣ ነነዌ ከመግባቱ በፊት። ጥንቸሉን በተመለከተ፣ በፈረንጆቹ 2027 የእነሱ ፋሲካ መጋቢት 19፣ የእኛው ሚያዝያ 24 ነው የሚውለው፤ እንደገና አምስት ሳምንት። ለፋሲካ ጥንቸል የሚፈልግ ደንበኛ ካለዎት ከጅምላ አከፋፋዩ በሙሉ ዋጋ አስቀድመው አይዘዙ፤ ቅናሹ ሲወጣ ገዝተው ቀዝቀዝ ያለ ምድር ቤት ያቆዩት፣ ግን መጀመሪያ ታችኛው ላይ የታተመውን ቀን ይዩ።